ሠራተኛዋን የተጫወትኩባቸው ዓመታት

ፊቴን ለመጀመሪያ ጊዜ በቴሌቪዥን ያየሁት ጂቡቲ ከተማ ካርቲየ 6 በሚባለው ሰፈር፣ ጎረቤታችን ደጃፍ ላይ ቆሜ ነው። ረመዳን ነበር። ሙቀቱ ቤት ውስጥ ስለማያስቀምጥ ጎረቤታችን ካፈጠርን በኋላ ቴሌቪዥኑን በሩ ላይ አውጥቶ ወደ መንገዱ ያዞረዋል፤ ሰፈሩም ምንጣፉን ይዞ እየመጣ ይቀመጣል። እኔ ከሁሉም ኋላ ግድግዳ ተደግፌ ቆሜያለሁ። መጀመሪያ ትሪ የያዘ እጅ ታየ። የሻይ ብርጭቆዎቹ እርስ በርስ እየተጋጩ ይንቃጨላሉ። ከዚያ ካሜራው ከእጁ ወደ ላይ ወጣና ፊቴ የቴሌቪዥኑን መስኮት ሞላው። ከፊት የተቀመጡት ልጆች ጮኹ።

«እሷ ናት! እዚህ ያለችው ናት!»

ሰው ሁሉ ዞሮ አየኝ። ሌላ ሴት ብትሆን በደስታ የምትሆነው ይጠፋት ነበር። እኔ ግን ሻርፔን ወደ አፌ ሳብ አድርጌ፣ ሰዎቹ እያጨበጨቡ ሳለ፣ በግድግዳው ሥር ሾልኬ ቤት ገባሁ። አክስቴ የሱቁን በር ከውስጥ ቀርቅራ ቁጭ ብላለች። ጭብጨባውን ሰምታዋለች።

«አዩሽ?» አለችኝ።

«አዩኝ፣ አዴ።»

አዴ እኛ ድሬዎች እናትን የምንጠራበት ነው፤ ያሳደገችኝ እሷ ባትሆንም እንደዚያ ነበር የምጠራት። እጇን ግንባሯ ላይ አድርጋ ወለሉን ታይ ነበር።

ፍርሃታችን ቀላል ምክንያት ነበረው። ጂቡቲ ውስጥ የመኖሪያ ወረቀት አልነበረኝም።

ከድሬዳዋ በባቡር የመጣሁት በሰሜን ጦርነቱ በተጀመረበት ዓመት ነው። ያኔ አባቴ ሥራ አጥቶ ስለነበር፣ ባሏ የሞተባት አክስቴ «ልጅቷን ላኩልኝ፣ ሱቅ ታግዘኛለች» ብላ አስመጣችኝ። አክስቴ በሟች ባሏ በኩል የአገሩ መታወቂያ አላት። ድሪዕ ለሚባለው ሰፊ የሴቶች ቀሚስ የሚሆን ጨርቅ፣ ሻርፕና ሽቶ የምትሸጥበት ትንሽ ሱቅ አላት፤ የምንኖረውም ከሱቁ ጀርባ ባለው የእንጨት ቤት ነው። በመጣሁ ሳምንት ያስተማረችኝ ዋጋ አይደለም፤ መንገድ ላይ እንዴት እንደምሄድ ነው። ፖሊስ ድንገት መንገድ ዘግቶ ወረቀት የሚጠይቅበትን አሰሳ የከተማው ሰው በፈረንሳይኛ «ራፍል» ይለዋል። «ራፍል ካየሽ አትሩጪ» አለችኝ አክስቴ። «የሚሮጠው ነው የሚያዘው። ቅርብሽ ያለ ሱቅ ግቢና ጨርቅ እያነሳሽ ዋጋ ጠይቂ። መንገድ ላይ አማርኛ እንዳትናገሪ። አንድ ሰው በአማርኛ ቢጠራሽ እንኳ እንዳትዞሪ።»

ይህን ማድረግ ከሌላው ይልቅ ለእኔ ይቀለኝ ነበር። ድሬዳዋ ያደግነው ከሶማሌ ጎረቤቶች ጋር በአንድ ግቢ ስለሆነ ሶማልኛን የተማርኩት አፌን ስፈታ ነው። ስናገር የሰማኝ ሁሉ የዚያው የጂቡቲ ልጅ አድርጎ ይወስደኛል። የቅርብ ጎረቤቶቻችን ከድሬ መምጣቴን ያውቃሉ፤ ወረቀቱ ግን እንደ አክስቴ ያለኝ ይመስላቸዋል። እንዲህ ሆኜ ሁለት ሦስት ዓመት ኖርኩ። ከሱቅ ቤት፣ ከቤት ሱቅ። ባሕሩን እንኳ በደንብ ያየሁት ቆይቼ ነው።

ዳይሬክተሩ ሱቃችን የመጡት ለተዋናዮቻቸው ልብስ ሊገዙ ነው። ጠዋት ጠዋት ትምህርት ቤት ፈረንሳይኛ የሚያስተምሩ፣ ከሰዓት በኋላ ደግሞ ከጓደኞቻቸው ጋር ለቴሌቪዥን የሚሆን የሶማልኛ ድራማ የሚሠሩ፣ አክስቴ በሟች ባሏ በኩል የምታውቃቸው ቀጭን ሰው ነበሩ። እኔ በሶማልኛ ጨርቅ እያሳየኋቸው፣ በመሃል ወደ ጓዳ ዞሬ አክስቴን በአማርኛ አንድ ነገር ጠየቅኋት። ስመለስ ጨርቁን ትተው እኔን ያዩኛል።

«አንቺ ሐበሻ ነሽ እንዴ?» አሉኝ።

የዘረጋሁትን ጨርቅ መልሼ ማጠፍ ጀመርኩ። አክስቴ መጋረጃውን ገልጣ ወጣች።

«ምን ፈለጉ፣ መምህር?»

ሰውየው ሳቅ አሉና ነገሩን አስረዱ። በአዲሱ ድራማቸው ውስጥ ሀብታም ቤት የምትሠራ ሐበሻ አለች። የአገሩ ሴቶች ሐበሻ ሆነው ሲጫወቱ ያጋንኑታል። እውነተኛ ሐበሻ ሠራተኛ አምጥተው ሲሞክሩ ደግሞ ቃሉን መያዝ አቃታት። «ሶማልኛን አሳምራ የምታውቅ፣ አውቃ የምትሰብረው ሰው ነው የምፈልገው» አሉ።

«ይቺ ልጅ ወረቀት የላትም» አለች አክስቴ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «ፊቷን ለአገር ምድሩ ሊያሳዩ ነው?»

«እመቤት፣ የቤት ሠራተኛን ፊት ልብ ብሎ የሚያይ ማን አለ? ሰው የሚያየው እመቤቲቱን ነው። ይቺ ሻይ አቅርባ ትወጣለች።»

አክስቴ እምቢ አለች። እሳቸው ተመልሰው መጡ፤ አሁንም እምቢ አለች። በመጨረሻ ያስፈቀድኳት እኔ ራሴ ነኝ። ድሬዳዋ ትምህርት ቤት ሳለሁ የድራማ ክበብ ውስጥ ነበርኩ፤ ከመጋረጃ ጀርባ ቆሞ ተራ መጠበቅ የመሰለ የምወደው ነገር አልነበረም። ከመጣሁ ጀምሮ ደግሞ ሕይወቴ መደበቅ ብቻ ሆኖ ነበር። ወጣት ነበርኩ። «ስሜን አይጽፉም» አልኳት። እውነትም አልተጻፈም፤ ድራማው እስኪያልቅ ድረስ ከተዋናዮቹ ዝርዝር ውስጥ የእኔ ስም አንድም ቀን አልወጣም።

ሰባራ ሶማልኛን ያስተማረችኝ ጁምዓ ጁምዓ ልብስ ልታጥብልን የምትመጣ ሴት ናት። ከወሎ በእግሯ በረሃ አቋርጣ የመጣች፣ ካርቲየ 7 ቢስ ከሌሎች ሴቶች ጋር አንድ ክፍል ተከራይታ የምትኖር፣ ከእኔ ጥቂት የምትበልጥ ሴት። እሷም ወረቀት የላትም። መጀመሪያ እየሰረቅሁ አዳምጣት ነበር። አንድ ቀን ነቃችብኝና እጇን ከሳሙናው አውጥታ፣

«ምነው እንዲህ ታፈጪብኛለሽ?» አለችኝ።

እውነቱን ስነግራት ትቆጣለች ብዬ ነበር። እስክታነባ ሳቀች። ከዚያ ቁም ነገር አድርጋ ያዘችው። «እንደሱ አይደለም» ትለኛለች፣ «ከጉሮሮ የሚወጣው ፊደል እኮ እኔ ጋ የለም። አንቺ ታወጪዋለሽ። ዋጪው!» ወንዱን በሴት፣ ሴቷን በወንድ ስትጠራ፣ «እኔ» እና «አንተ»ን ስታደበላልቅ አብሬያት እለማመዳለሁ። እመቤቷ ስትጠራት «መጣሁ» ለማለት ሁልጊዜ «መጣህ» ነበር የምትለው። ዳይሬክተሩ ይህን ከእኔ ሲሰሙ ጠረጴዛ መቱ። በድራማው ውስጥ እመቤቴ በተጣራች ቁጥር እኔ ከጓዳ «መጣህ እመቤቴ!» እያልኩ ብቅ የምለው ከዚያ የመጣ ነው።

የምንቀርጸው ሆዳን በሚባለው ሰፈር በአንድ አዲስ ቤት ነበር። ካሜራው ድምፅ እንዳይወስድ ተብሎ ቬንቲላተሩ ይጠፋል፤ መብራቱ ላይ መብራት ይጨመራል፤ ሰው እንደ ቅቤ ይቀልጣል። የመጀመሪያው ቀን ትሪ ይዤ ስገባ እጄ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ካሜራውን አልነበረም የፈራሁት። ከካሜራው ኋላ ያለውን አገር ሁሉ ነው። እያንዳንዱ የማላውቀው ዓይን፣ ጣቢያ ውስጥ ቁጭ ብሎ የሚያይ ፖሊስ፣ ሁሉም በዚያች ጥቁር ክብ መስታወት ውስጥ ያሉ መሰለኝ። ብርጭቆዎቹ ይንቃጨላሉ። ይቅርታ ብዬ ልመለስ ስል ዳይሬክተሩ ጮኹ።

«አትንኪው! እንደዚያው ይንቀጥቀጥ!»

ተመልካቹ እኔን መውደድ የጀመረው ከዚያ መንቀጥቀጥ ነው። እመቤቷን የምትፈራ፣ ትሪ ይዛ ስትገባ ብርጭቆዋ ቀድሟት የሚሰማ ሠራተኛ። ከተማው ትወና መስሎት ሳቀ። ሁለት ቃል ብቻ ለነበረኝ ለእኔ እየቆየ ሙሉ ትዕይንት ይጻፍልኝ ጀመር።

ዳይሬክተሩ የቤት ሠራተኛን ማንም ልብ አይልም ያሉት ውሸት ሆነ። ገበያ ስወጣ ዓሣ ሻጮቹ «ቦዬሶ!» እያሉ ይጠሩኛል፤ ቦዬሶ እዚያ የቤት ሠራተኛ ማለት ነው። ልጆች የለስላሳ ጠርሙስ እርስ በርስ እያጋጩ ይከተሉኛል። እኔ ፈገግ እያልኩ እጄን አውለበልባለሁ፤ ላቤ ግን በጀርባዬ ይወርዳል። መደበቅ ያለበት ሰው በጠራራ ፀሐይ ከነአጀቡ ሲሄድ ምን እንደሚሰማው ለማንም ማስረዳት አልቻልኩም። ቤት ስገባ ትንሽ እስኪለቀኝ ድረስ ከጨርቅ ጥቅሎቹ መሃል እቀመጣለሁ።

አንድ ነገር ግን ያላሰብነው ሆነ። ሰው ሐበሻ መሆኔን አላመነም። «ሐበሾቹን አንድ ሳታስቀር ትቀዳቸዋለች!» ይሉ ነበር። አንዲት ደንበኛችን እናቴን ከልጅነቷ ጀምሮ እንደምታውቃትና ካርቲየ 2 እንደተወለድኩ ለአክስቴ ምላ ነገረቻት። አክስቴ «እንዴ፣ እውነት?» ብላ ጨርቁን ማጠፍ ቀጠለች። እኔም አዎ አላልኩ፣ አይደለም አላልኩ።

ከዚያ ያ ዓመት መጣ። መታወቂያ የሌለው የውጭ ሰው ሁሉ አገር ለቆ እንዲወጣ በሬዲዮ ተነገረ፤ የመጨረሻ ቀንም ተቆረጠ። የሙቀቱ ወር ነበር፣ አሸዋ የሚያዘንበው ነፋስ የሚነፍስበት። ሰው በየቤቱ ፍራሽና ድስት ይጠቀልል ጀመር። ባቡር ጣቢያው ሳይነጋ በሰው ይሞላል። ከአዲስ አበባ ጭነት ይዘው የሚመጡት የእኛ ሾፌሮች ሲመለሱ ሰው ጭነው ይሄዳሉ። ሐበሾች ሻይ የሚሸጡባቸው ዳሶች አንድ በአንድ ተዘጉ። ያኔ ነው ከተማው ውስጥ ምን ያህል እንደነበርን የገባኝ፤ ስንጎድል።

ዳይሬክተሩ ቀረጻ መቆሙን ሊነግሩን መጡ። «ከቤት አትውጪ» አሉኝ። ልብስ የምታጥብልን ሴትም ክፍሏን ትታ ወደ እኛ መጣች። አሠሪዎቿ ለጊዜው እንዳትመጣባቸው ነግረዋታል። እሷና እኔ ከሱቁ ጀርባ፣ ቆርቆሮው እየተንጣጣ፣ ቀኑን ሙሉ ሳንነጋገር እንቀመጣለን። የመኪና ሞተር በተሰማ ቁጥር ዓይን ለዓይን እንተያያለን። ሞተሩ ሲያልፍ እሷ «አለፈ» ትላለች። ተቆርጦ የተሰጠው ቀን አለፈ። ራፍሉ ቤት ለቤት ሆነ ተባለ፤ የሰማነው ሁሉ እውነት ይሁን አይሁን አናውቅም፤ ሁሉንም ግን አመንን።

በዚያ መሃል እሷ በወባ ተያዘች። መጀመሪያ ብርድ ብርድ አላት፣ ከዚያ ትኩሳት። አክስቴ ያላትን መድኃኒት ሰጠቻት፤ አልያዘላትም። በሦስተኛው ቀን ጠዋት መቃዠት ስትጀምር አክስቴ እኔን አየችኝ።

«እዚህ ከሞተችብን ምን እንላለን? ሐኪም ቤት ትወሰድ። እኔ እወስዳታለሁ» አለች። ግን እግሯ አብጦ እስከ በሩም መራመድ አትችልም ነበር።

«እኔ እወስዳታለሁ፣ አዴ» አልኩ። ይህን ስል ድምፄ የሌላ ሰው ድምፅ ይመስል ነበር።

አክስቴ ራሷ አለበሰችን። ከምትሸጣቸው ውስጥ ጥሩውን ድሪዕ መርጣ ለሁለታችንም አጠለቀችልን፤ የአገሩ ሴቶች እንድንመስል ሻርፑን በእጇ አስተካከለችው። የቁርአን አንቀጽ ቀርታ እፍ አለችብን። ሚኒባስ ያዝንና ከኋላ ወንበር ተቀመጥን። ጓደኛዬ ራሷን ትከሻዬ ላይ ጥላለች፤ ትኩሳቷ በልብሱ አልፎ ያቃጥለኛል።

ገና ብዙ ሳንሄድ ሚኒባሱ ቀስ አለ። ከፊት ለፊታችን መንገዱ ዳር ካሚዮን ቆሟል። ላዩ ላይ ሰዎች ተቀምጠዋል፤ ሴቶች፣ አንድ ሽማግሌ። ሁሉም ወደ አንድ አቅጣጫ ያያሉ። ረዳቱ በሩን ከፈተ። አንድ ወጣት ፖሊስ ገባና «ካርት» አለ፤ መታወቂያ ማለቱ ነው።

ከፊት ያሉት እያወጡ ያሳዩ ጀመር። እያንዳንዱን አይቶ ይመልሳል፤ ወደ እኛ ይቀርባል። አክስቴ አትሩጪ ብላኝ ነበር፤ ከሚኒባስ ኋላ ወንበር ደግሞ ወዴት ይሮጣል? በዚያች ሰዓት ያሰብኩት ነገር ቢኖር ካሚዮኑ ላይ ስወጣ ጓደኛዬን ከፀሐዩ በምን እንደምጋርዳት ነበር። ልጁ ፊታችን ደርሶ ቆመ። እጁን ዘርግቶ ፊቴን አየ። እጁ አየር ላይ ቀረ።

«አንቺን አውቅሻለሁ» አለ።

አበቃ፣ አልኩ በልቤ።

«ቦዬሶዋ! ወላሂ ቦዬሶዋ ናት!»

ሚኒባሱ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ አንገቱን አዙሮ ሳቀ። ፖሊሱ ካርቱን ረሳው። ልጅ ነው፤ ሲስቅ ጥርሱ መሃል ያለው ክፍተት ይታያል።

«አባዮ፣ እስቲ በያት። ያችን ነገር በያት።»

አባዮ እህቴ ማለት ነው። እጆቼ ሳላዝዛቸው ትሪ እንደያዘ ሰው ተነሱ፣ ይንቀጠቀጣሉም። «መጣህ እመቤቴ!» አልኩ።

ሰው በሳቅ ፈነዳ። ሾፌሩ መሪውን ይመታል። «ልክ እንደነሱ!» ይላል ፖሊሱ፣ «ልክ እንደነሱ እኮ ናት!» ዓይኑን እየጠረገ ሊዞር ሲል ጓደኛዬን አየ።

«እሷስ?»

«ከእኔ ጋር ናት» አልኩት በጠራ ሶማልኛ። ከየት እንደመጣልኝ አላውቅም። «ተዋናይ ናት። ለአዲሱ ክፍል ሌላ ሠራተኛ ሆና ነው የምትጫወተው። አሟት ሐኪም ቤት እየወሰድኳት ነው።»

«ሌላ ቦዬሶ?» ጎንበስ አለባት። «አባዮ፣ አንቺስ ምን ትያለሽ?»

እጇን ጨመቅኳት፤ ዝም በይ ለማለት። እሷ ግን ዓይኗን ገለጠች፤ የት እንዳለች የምታውቅ አይመስለኝም። በዚያ በማውቀው ሰባራ ሶማልኛዋ፣ ወንዱን በሴት እየጠራች፣ የጉሮሮውን ፊደል እየዋጠች፣ «እህቴ፣ ራሴ ታመምክ፣ ውሃ ስጪህ» አለችው።

ትንፋሼን ይዤ ጠበቅኩ። ከዚያ ልጁ ጭኑን መትቶ ሳቀ።

«ይቺማ ትበልጥሻለች!» አለኝ። «አንቺን ሥራ ታስፈታሻለች!» ከፊት ከተቀመጡት አንዷ ሴት የውሃ ጠርሙስ አቀበለችን። ፖሊሱ እየሳቀ ወረደና የመኪናውን ጎን መታ አደረገ፤ ሂዱ ማለቱ ነው።

ነገር ግን ሁሉም አልሳቀም ነበር። በሩ አጠገብ አንድ ጢሙ የሸበተ ሌላ ፖሊስ ቆሞ ሁሉን ነገር ይሰማ ነበር። ሚኒባሱ ሊነሳ ሲል በእኛ መስኮት በኩል መጣ። ጓደኛዬን አየ፣ እኔን አየኝ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ በአማርኛ፣

«ይማርሽ» አላት።

አሚን ከንፈሬ ላይ ደርሳ ተመለሰች። ወጥመድ ይሁን ደግነት ማወቂያ አልነበረኝም። ቋንቋው እንዳልገባው ሰው ዝም ብዬ አየሁት። እሱም አየኝ። ሚኒባሱ ተነሳ። ሐኪም ቤት እስክንደርስ ድረስ ጥርሴ ይንገጫገጭ ነበር፤ ሐኪሙ የታመምኩት እኔ መስዬው መጀመሪያ እኔን ነው የነካኝ።

ጓደኛዬ ዳነች። ያ ሽማግሌ ፖሊስ ግን ከአእምሮዬ አልወጣም። ያውቃል። ሲፈልግ ይመጣል። ለብዙ ሳምንታት በሩ በተንኳኳ ቁጥር እሱ ነው እላለሁ። ምግብ አልበላ አለኝ፤ ጸጉሬ ይነቀል ጀመር። እሱ ግን አልመጣም፤ ዳግመኛም አይቼው አላውቅም። ምን አስቦ እንዳለፈን እስከ ዛሬ አላውቅም።

ጓደኛዬ እግሯ እንደጸና እሄዳለሁ አለች። በፈቃዱ የሚሄድን ሰው እንደማይነኩ ሰምታለች።

«ቆዪ፣ ነገሩ ይረጋጋል» አልኳት።

«አንዴ ሳላውቀው ተዋናይ ሆኜ ተረፍኩ» አለችኝ። «አውቄ ከሆነ አልችልበትም። አንቺ እንዴት እንደምትችዪው አላውቅም፣ እቴ።»

ባቡር ጣቢያ ልሸኛት አልቻልኩም። አክስቴ እግሯን እየጎተተች ሸኘቻት። ቆይቶ አንድ የእኛ ከተማ ሾፌር በደህና መግባቷን ነገረን፤ ከዚያ በኋላ ስለሷ የሰማሁት የለም።

ቀረጻው እንደገና ሲጀመር ዳይሬክተሩ ሱቅ መጥተው ወንበር ላይ ተቀመጡና ቆብ የያዘ እጃቸውን እያዩ ተናገሩ። ሰው ሠራተኛዋ የት ሄደች እያለ ይጠይቃል። በዚህ ዓመት ስለሆነው ነገር ምንም ሳይሉ ድራማውን መቀጠል ለሳቸውም ከበዳቸው። ጽፈውታል፦ ሠራተኛዋ ከበር ላይ ተይዛ ትወሰዳለች፤ እመቤቷ መስኮት ላይ ቆማ ታያለች።

«ከዚያ በኋላ አልኖርም ማለት ነው?» አልኩ።

«ከዚያ በኋላ አትኖሪም።»

እኔ እሺ ያልኩት አስቤ አይደለም፤ ሥራዬ ስለነበር ነው። የተጻፈልኝ ቃል አጭር ነበር፤ በሰባራ ሶማልኛ «ልብሴን ልያዝ» ማለት ብቻ።

የዚያን ቀን ሆዳን ስደርስ ካሚዮን ቆሟል። የተከራዩት መሆኑን አውቃለሁ። የፖሊስ ልብስ የለበሱት ሁለቱ ልጆች ከእኔ ጋር ሻይ የሚጠጡ፣ የሚቀልዱ ተዋናዮች ናቸው። አንደኛው ልብሱ ጠብቦት እየተሳቀቀ ነው። ይህን ሁሉ አውቃለሁ። ዳይሬክተሩ «ጀምሩ» አሉ። ልጁ ክንዴን ያዘ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን በደንብ አላስታውስም። ሶማልኛው ከአፌ ጠፋ። «አዴ! አዴ! ልቀቁኝ! ወረቀት የለኝም፣ ልቀቁኝ!» እያልኩ በአማርኛ ጮህኩ። የበሩን ብረት ይዤ አልለቅ አልኩ። ልጁ ደንግጦ ለቀቀኝ፤ ሌላኛው ግን ትወናው መስሎት ጎተተኝ። ሲያቆሙ መሬት ላይ ነበርኩ፣ ክርኔ ተልጦ። ቀራጩ ያጨበጭብ ጀመር፤ ሌሎቹም ተከተሉት። እመቤቴን የምትጫወተው ሴት ግን አላጨበጨበችም። ከመስኮቱ ወርዳ መጣችና አጠገቤ ቁጭ አለች። ሻርፔን አነሳችልኝ። ያኔ ገብቷታል።

ዳይሬክተሩ ሌሎቹን ወደ ውጭ አስወጡ።

«ላጥፋው?» አሉኝ። «ወረቀት የለኝም ያልሺው አማርኛ የሚያውቅ ሁሉ ይሰማዋል። ይህ ከተማ ውስጥ ደግሞ ማን አማርኛ የማያውቅ አለ? እንደገና እንቀርጻለን።»

እንደዚያ መጮህ ሁለተኛ አልችልም፤ እንደገና ከሠራሁት ደግሞ ውሸት እንደሚሆን አውቄያለሁ። ፈራሁ። ከዚያ በፊት ከፈራሁት ሁሉ በላይ ፈራሁ። «ይተዉት» አልኳቸው።

ሲተላለፍ ደጃፍ ላይ አልወጣሁም። ከአክስቴ ጋር ጨርቆቹ መሃል ተቀምጠን ከውጭ የሚመጣውን ድምፅ ሰማን። መጀመሪያ የተለመደው ሳቅ ነበር። ከዚያ የራሴን ጩኸት በጎረቤታችን ቴሌቪዥን ሰማሁት። ከዚያ ምንም። ማንም አልሳቀም፣ ማንም አላጨበጨበም። ምንጣፎቹን እየሰበሰቡ ሲሄዱ ብቻ ይሰማ ነበር። አክስቴ እጄን ይዛ «በቃ፣ አሁን አውቀዋል» አለች።

በማግስቱ ሱቁን አንከፍትም ብለን ነበር። ጎረቤታችን፣ የቴሌቪዥኑ ባለቤት፣ ረፋዱ ላይ መጥቶ አንኳኳ። አክስቴ ከፈተች። እኔ ከመጋረጃ ጀርባ ነበርኩ።

«ልጅቷ የእኛ ሰፈር ልጅ ናት» አላት። «የሚጠይቅ ቢመጣ ሁላችንም የምንለው ይህንኑ ነው። ይህን ልነግርሽ ነው።» ሌላ ነገር ሳይጨምር ሄደ።

ሁሉም እንደሱ አልነበረም። እናቴን አውቃለሁ ያለችው ደንበኛችን ከዚያ ወዲያ ሱቃችን አልመጣችም፤ መንገድ ላይ ስታየኝ ፊቷን ታዞራለች። ዓሣ ሻጮቹም ቦዬሶ ማለቱን ተዉት፤ ሰላምታ ብቻ ይሰጡኛል። ልጆቹ ጠርሙስ ይዘው መከተላቸው ቀረ። ይኼ ይበልጥ ያስፈራኝ ነበር። ሲስቁብኝ ምን እንደሚያስቡ አውቅ ነበር፤ ዝም ሲሉኝ ግን ምን እንደሚያስቡ የማውቅበት መንገድ አልነበረኝም። ግን ማንም አልጠቆመብኝም። ስንት ሰው እንዳወቀና ዝም እንዳለ ሳስብ ዛሬም ይገርመኛል።

ወረቀቱን ያገኘሁት ቆይቼ፣ ስጋባ ነው። ባሌ ወደብ ላይ የጭነት ጉዳይ የሚያስፈጽም፣ የአገሩ ተወላጅ ነው። ከተጋባን በኋላም ብዙ ቢሮ፣ ብዙ ዓመት ፈጀ። ካርቱ እጄ የገባ ቀን እስቃለሁ ብዬ ነበር፤ ቢሮው ደረጃ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። አክስቴ ያን ቀን ሳታይ ነው የሞተችው።

ትወናውን አልተውኩም። ሠራተኛዋ ተወስዳለችና ተመልሳ አልመጣችም፤ እኔ ግን ጎረቤት ሆኜ፣ የሙሽራ አክስት ሆኜ፣ ለቅሶ ቤት የምትቀመጥ ሴት ሆኜ ሠራሁ። ዋና ተዋናይት ሆኜ አላውቅም፤ አልጠየቅሁምም። ከዓመት ዓመት ሰው በየጣራው ሳህን እየሰቀለ የውጭውን ጣቢያ ማየት ጀመረ። የእኛ ቡድን ተበተነ። ዳይሬክተሩ ታመው አረፉ። አሮጌው ባቡር ቆመ፤ አሁን ደግሞ አዲሱ መጥቷል፤ ድሬዳዋ ያሉት ዘመዶቼ በሱ ይመጣሉ።

በቅርቡ ሴት ልጄ «እማ፣ የድሮ ድራማሽን አሳዪኝ» አለችኝ። ቀራጫችንን ፈልጌ አገኘሁት። ካርቲየ 7 ቢስ ሠርግ የሚቀርጽበት ትንሽ ቤት አለው። ሸብቷል፤ ሲያየኝ ግን ወዲያው አወቀኝ። ወንበር ሰጠኝ፣ ውሃ አመጣልኝ። የመጣሁበትን ስነግረው ራሱን ነቀነቀ።

«የለም፣ እህቴ» አለኝ። «ካሴት ያኔ አይገኝም ነበር። በላዩ ላይ ሌላ እየቀረጽን ነበር የምንሠራው። ያ ሁሉ ጠፍቷል።»

«የተያዝኩበትም?»

«እሱም።»

ማዘን የነበረብኝ ይመስለኛል፤ ልጄ ስትሰማ አዝናለች። እኔ ግን እዚያ ወንበር ላይ እንዳለሁ ትከሻዬ ቀስ እያለ ሲወርድ ተሰማኝ፤ ለስንት ዓመት ከፍ አድርጌ እንደያዝኩት አላውቅም። ውሃውን ጨርሼ አመሰገንኩት። ስለ ዳይሬክተሩ ትንሽ አወራን፤ እንዴት እንደሚጮሁብን፣ ቬንቲላተሩን ማጥፋት ሲረሳ እንዴት እንደሚያባርሩት። ከዚያ ደንበኞች መጡበት፤ ሙሽራና እናቷ። እኔም ተነስቼ ወጣሁ፤ በእግሬ ወደ ቤቴ ሄድኩ።